ኢቫን የብረት እጅ

«እኔ እኮ የተማርኩት ሌላ ነው» የምትሉ ሁሉ፣ የዛሬው ጨዋታ ከእናንተ ጋር ነው። ኢቫን ቢሊቢንም የተማረው ሌላ ነበር። እ.ኤ.አ. በ1876 በሴንት ፒተርስበርግ አቅራቢያ የተወለደው ይህ የባሕር ኃይል ሐኪም ልጅ ዩኒቨርሲቲ የገባው ሕግ ሊያጠና ነው። ሕጉን አጋምሶ አልጣለውም፤ በ1900 ጨርሷል። ጎን ለጎን ግን ሥዕል ይማር ነበር፤ በ1898 ሙኒክ ድረስ ሄዶ በአንቶን አዝቤ ትምህርት ቤት፣ ከዚያም አገሩ ተመልሶ ከታላቁ ሠዓሊ ከኢልያ ሬፒን ዘንድ። ዛሬ ሩሲያ ውስጥ አንድ ልጅ የእሳት ወፏን ወይም ጠንቋይዋን ባባ ያጋን ሲያስብ፣ ብዙ ጊዜ ፊቱ ድቅን የሚሉት ይህ የሕግ ምሩቅ በሣላቸው መልክ ነው።

መስመሩ ዝንፍ የማይል ስለነበር ወዳጆቹ «ኢቫን የብረት እጅ» ይሉት ነበር። እኛ እንዲህ ያለ ሰው ስናይ «ተሰጥኦ ነው» ብለን እንገላገላለን። እስቲ አሠራሩን እንየው። መጀመሪያ በትንሽ ወረቀት ላይ በእርሳስ ንድፍ ያወጣል። ንድፉን ያሳድገዋል፣ በስስ ወረቀት ይገለብጠዋል፣ ከዚያ ወደ ወፍራሙ የሥዕል ወረቀት ያስተላልፈዋል። ቀጥሎ ጥቁር ቀለም ይመጣል፤ እሱንም በብዕር አይሠራውም፣ ጫፉን ሰያፍ አድርጎ በቆረጠው ብሩሽ እንጂ። የውሃ ቀለሙ የሚቀባው ይህ ሁሉ ካለቀ በኋላ ነው።

ቅደም ተከተሉን ልብ በሉልኝ። ልጆቹን የሚያስፈነድቀው ቀለም የሚመጣው መጨረሻ ላይ ነው። ብዙዎቻችን የምንጀምረው ግን ከቀለሙ ነው፤ ሱቁ ሳይከፈት ሎጎ እናሠራለን፣ አንድ ምዕራፍ ሳንጽፍ የመጽሐፉን ሽፋን እናዘጋጃለን። ደስታውን አስቀድመን ስለጨረስነው ለአድካሚው ሥራ ስንቅ ያጥረናል።

ከ1901 እስከ 1903 ድረስ ስድስት የተረት መጻሕፍቱን ያሳተመለት የሩሲያ መንግሥት የገንዘብ ኖት የሚያትመው ማተሚያ ቤት ነበር። ለመስመር ጥራት ከዚህ የተሻለ ቤት ከየት ይገኛል? መጻሕፍቱ ሰፋ ያሉ፣ ስስ ደብተር የሚመስሉ ነበሩ። በየገጹ ዙሪያ ሐረግ፣ መሃል ላይ ደግሞ ጥቅጥቅ ያለ ጫካ፣ የእንጨት ቤት፣ ጥልፍ የለበሰች ልዕልት።

ያ ጥልፍ ታዲያ ከየት መጣ? እኔን የሚያነቃኝ የሕይወቱ ክፍል ይህ ነው። ቢሊቢን በ1899 በትቨር አውራጃ ወደምትገኝ ዬግኒ የተባለች መንደር ወርዶ የተረት ሥዕሎቹን እዚያ ጀመረ። ከ1902 እስከ 1904 ደግሞ ለሙዚየም ቅርስ ለማሰባሰብ ወደ ሰሜኑ ምድር፣ ወደ ቮሎግዳ፣ አርኻንግልስክና ኦሎኔትስ ተጓዘ። የገበሬ ልብስ ሰበሰበ፤ የእንጨት አብያተ ክርስቲያናትን ፎቶ አነሳ፤ የበርና የመስኮት ቅርጻ ቅርጽ አጠና። የሴት አያቶች ሣጥን ውስጥ ተጣጥፎ የኖረው ጥልፍ ተረቱ ውስጥ የገባው እንዲህ ነው። «ሐሳብ አልመጣልኝም» ብላችሁ ባዶ ወረቀት ላይ ያፈጠጣችሁ ወዳጆቼ፣ ተነሱና ውጡ! ሐሳብ እግር የለውም፤ እናንተ ግን አላችሁ።

ሕይወቱ ሁልጊዜ ተረት አልሆነለትም። የሩሲያን አብዮት ተከትሎ በመጣው የእርስ በርስ ጦርነት በ1920 አገሩን ለቆ ወጣ፤ ያረፈው ግብፅ ነው። ከበረዶና ከጥድ ጫካ ወደ ካይሮ ፀሐይ! ደንበኛው፣ አሳታሚው፣ ቋንቋው ሁሉ ሩቅ ቀረ። እሱ ግን ትእዛዝ እየተቀበለ መሥራቱን አላቆመም፤ ከአዲሱ አገር ጥንታዊ ጥበብም ተማረ። በ1925 ፓሪስ ገባ፤ እዚያም ከመጻሕፍቱ ሌላ የኦፔራ መድረክ ነደፈ። በ1936 ወደ ሌኒንግራድ (ሴንት ፒተርስበርግ ያኔ የምትጠራው እንዲህ ነበር) ተመልሶ በሥነ ጥበብ አካዳሚው አስተማሪ ሆነ።

ፍጻሜውን ማነቃቂያ ላደርገው አልፈልግም። ከተማዋ በጀርመን ጦር ተከብባ ሳለ፣ በየካቲት 1942፣ በረኃብ ሞተ። ረኃብ ለማንም አስተማሪ ሆኖ አያውቅም። የምነግራችሁ ይህን ብቻ ነው፦ በመጨረሻዎቹ ወራትም ለጥንታዊ የጀግንነት ትረካዎች ሥዕል እያዘጋጀ ነበር።

እንግዲህ ወደ ቤታችን። «ጊዜ ሳገኝ» ብላችሁ ያቆያችሁት አንድ ነገር አለ፤ ስፌት፣ ጽሑፍ፣ የዳቦ ንግድ፣ ምንም ይሁን። መደበኛ ሥራችሁን ልቀቁ አላልኩም፤ ቢሊቢንም እኮ ሕጉን ጨርሷል። ቅዳሜ ገበያ ውጡ፣ ወይም ሥራውን የሚያውቅ ሰው ዘንድ ሄዳችሁ እጁን እዩ፣ ጠይቁት። ማታ ደግሞ የመጀመሪያዋን ትንሽ ንድፍ በእርሳስ ሞክሯት። ካላማረች ላጲስ አለ።