ምንባብና ሰዋስው፦ ማን ማንን መታው?

ተማሪዎች ሆይ፥ የሚከተለውን ምንባብ በጥሞና አንብቡ። ማሰሪያ አንቀጾቹ የሚውሉበትንም ስፍራ ልብ በሉ።

ሃይሜ ሃሪን እ.ኤ.አ. በ1935 በኢኳዶር፥ ካያምቤ በምትባል ከተማ ተወለደ። ገና በወጣትነቱ በአገሩ ራዲዮ ጣቢያ ሠርቷል። በ1955 ወደ አሜሪካ ሲሻገር ግን እንግሊዝኛው ጥቂት ስለ ነበረ በፋብሪካ እየሠራ ቋንቋውን ተማረ። በ1959 የሎስ አንጀለሱን የዶጀርስ ቡድን የቤዝቦል ጨዋታዎች በእስፓንኛ ማስተላለፍ ጀመረ። በመጀመሪያዎቹ ዓመታት ቡድኑ ወደ ሌላ ከተማ ሲሄድ ሃሪን አብሮ አይጓዝም ነበር፤ ስቱዲዮ ተቀምጦ የእንግሊዝኛውን አስተላላፊ የቪን ስከሊን ድምፅ እየሰማ፥ በዓይኑ ያላየውን ጨዋታ ለአድማጮቹ በእስፓንኛ ይነግራቸው ነበር። ከጆሮ ተቀብሎ ወዲያው በሌላ ቋንቋ መናገር ምን ያህል እንደሚያደክም የሞከረው ያውቀዋል።

ሃሪን በ2022 ሥራውን እስኪተው ድረስ ከ30 የሚበልጡ የዓለም ሻምፒዮና የቦክስ ግጥሚያዎችንም አስተላልፏል። ከእነዚህ አንዱ መሐመድ አሊና ጆ ፍሬዘር በ1975 በማኒላ ያደረጉት ነው። በዚያ ግጥሚያ ከ14ኛው ዙር በኋላ የፍሬዘር አሠልጣኝ ኤዲ ፈች ውድድሩ እንዲቆም ስላደረገ አሊ አሸነፈ።

እስቲ እኛ ይህንኑ ግጥሚያ በአማርኛ እናስተላልፍ። በእስፓንኛ አንቀጹ አብዛኛውን ጊዜ ከተሳቢው ስም ይቀድማል። በአማርኛ ግን፥ «ፍሬዘር በግራ እጁ አሊን . . .» ብለን ገና አልጨረስንም፤ አድማጩ ትንፋሹን ውጦ ይጠብቃል። የሚቀጥለው ቃል «መታው» ወይም «ሳተው» ሊሆን ይችላል። ስለዚህ አስተላላፊው የቡጢውን ፍጻሜ ሳያይ ዐረፍተ ነገሩን መዝጋት አይገባውም።

«መታው» የሚለው ቃል ብቻውን ባለቤትና ተሳቢ ያለው ሙሉ ዐረፍተ ነገር ነው። ለጥድፊያም እጅግ ይመቻል። ነገር ግን ሁለቱም ተፋላሚዎች «እርሱ» ስለ ሆኑ፥ ማን ማንን እንደ መታው አይለይም። «አሊን ፍሬዘር መታው» እና «አሊ ፍሬዘርን መታው» የሚሉትን አስተያዩ፤ የስሞቹ ቅደም ተከተል አንድ ነው፤ መቺውንና ተመቺውን የለየችው «ን» ብቻ ናት። ይህች ፊደል ደግሞ በሕዝብ ጩኸት ውስጥ በቀላሉ ትሰጥማለች። በእኛ አስተያየት አስተላላፊው የመቺውን ስም ማስቀደም፥ ካስፈለገም ከአንቀጹ በኋላ ደግሞ መጥራት ይሻለዋል፤ «መታው፤ ፍሬዘር ነው የመታው!» እንደ ማለት።

መልመጃ

1. በየዓመቱ ጥር 23 ቀን በእንጅባራ የሰባት ቤት አገው ፈረሰኞች ማኅበር በዓል ይከበራል። አንዱ ፈረሰኛ ዘንግ ሲወረውር ሌላው በጋሻ ሲመክት እያሰባችሁ፥ የአንድ ደቂቃ ጉግስ በአማርኛ አስተላልፉ። «ን» የምትገባባቸውን ቃላት አስምሩባቸው።

2. በእንጅባራ፥ በዳንግላና በአካባቢያቸው አዊኛ የምትናገሩ ተማሪዎች፥ አንዳችሁ በአማርኛ ስትናገሩ ሌላችሁ ሳትጽፉ ወዲያው ወደ አዊኛ መልሱ። አዊኛም እንደ አማርኛ አንቀጹን መጨረሻ ላይ ያስቀምጣል። ተርጓሚው መናገር የጀመረው ከየትኛው ቃል በኋላ ነው? ለምን?