የሕግ ትምህርት፦ አብረውት የተከሰሱት ነፃ ሲወጡ የቀረው ሰው ክስ ምን ይሆናል?

እኛ መምህራን ከክፍል ውጭ ብዙ ጊዜ ከምንጠየቃቸው ጥያቄዎች አንዱ ይህ ነው፦ «ሦስት ሰዎች አብረው ተከሰሱ። ሁለቱ ችሎት ቀርበው ነፃ ወጡ። ያልቀረበው የሦስተኛው ክስ አብሮ አልሞተም ወይ?» አብዛኞቻችን «ሞቷል» ብለን እንገምታለን። በካኩማም ሆነ በዳዳብ የምንኖር ሰዎች የምንዳኘው ግን በኬንያ ሕግ ስለሆነ፣ ሕጉ የሚለውን አብረን እንመልከት።

1. ክስ የየራስ ነው

በአንድ የክስ ወረቀት ላይ ብዙ ሰዎች ሊጻፉ ይችላሉ። ዳኛው ግን ማስረጃውን የሚመዝነው በእያንዳንዱ ተከሳሽ ላይ ለየብቻ ነው። ስለዚህ የጓደኛ ነፃ መውጣት ብቻውን ሌላውን ነፃ አያወጣም። ባልቀረበው ሰው ላይ የመያዣ ትእዛዝ ወጥቶ ከሆነ፣ እስኪፈጸም ወይም ያወጣው ፍርድ ቤት እስኪሰርዘው ድረስ ይጸናል። ሰውየው ነገሩ አልቋል ብሎ ሲንቀሳቀስ ከዓመታት በኋላ ኬላ ላይ ሊያዝ ይችላል።

2. ለምን ነፃ ወጡ?

ዋናው ጥያቄ ይህ ነው። ሦስቱ ሰዎች ሱቅ ዘርፋችኋል ተብለው ተከሰሱ እንበል።

ሀ) ባለሱቁ «ዕቃዬ አልጠፋም፣ መጋዘን ውስጥ አገኘሁት» ብሎ ከመሰከረና ዳኛው ስርቆት አልተፈጸመም ብሎ ከወሰነ፣ በሦስተኛው ላይ የሚቀር ነገር የለም። ክሱን ለማሰረዝ ጠንካራ ምክንያት አለው።

ለ) ምስክሩ «ጨለማ ስለነበር ሁለቱን አልለየሁም፣ ሦስተኛውን ግን አውቀዋለሁ» ካለ፣ የሁለቱ ነፃ መውጣት ለሦስተኛው አይጠቅመውም።

3. «አኩዊትድ» እና «ዲስቻርጅድ»

እነዚህ በችሎት የሚሰሙ ሁለት ቃላት አንድ አይደሉም። የመጀመሪያው በነፃ መሰናበት ነው። በ2010 የጸናው ሕገ መንግሥት አንቀጽ 50 እንደሚለው፣ አንድ ሰው ነፃ በተባለበት ወንጀል ዳግመኛ አይከሰስም። ሁለተኛው ግን ሌላ ነው። በወንጀለኛ መቅጫ ሥነ ሥርዓት ሕጉ አንቀጽ 87 መሠረት፣ ተከሳሹ መከላከያ እንዲያቀርብ ከመጠየቁ በፊት ዐቃቤ ሕግ ክሱን ቢያነሳ ሰውየው ይለቀቃል፤ ክሱ ግን ተመልሶ ሊመጣ ይችላል። ስለዚህ «ተለቀቁ» የሚል ወሬ ሰምተን ከመደሰታችን በፊት በየትኛው ቃል እንደተለቀቁ እንጠይቅ።

4. ክሱን ለማሰረዝ

• የፍርዱንና የመዝገቡን ግልባጭ ከፍርድ ቤቱ ጽሕፈት ቤት ማውጣት። ያለዚህ ወረቀት ክርክሩ ወሬ ብቻ ይሆናል።
• የመያዣ ትእዛዝ ካለ ከጠበቃ ጋር ሆኖ በፈቃድ መቅረብ። ተይዞ ከመምጣት ይልቅ ራስን ማቅረብ ዋስትና ለመጠየቅም ይረዳል።
• ክሱ እንዲነሳ ለዐቃቤ ሕግ በጽሑፍ ማመልከት። ዐቃቤ ሕግ ቢስማማም በአንቀጽ 157 መሠረት የፍርድ ቤቱ ፈቃድ ያስፈልጋል።
• ዐቃቤ ሕግ እምቢ ካለ ሃይ ኮርት ለሚባለው ከፍተኛ ፍርድ ቤት ማመልከት። ይህ ፍርድ ቤት በአንቀጽ 165 መሠረት የበታች ፍርድ ቤቶችን ይቆጣጠራል። ክሱ ምንም መሠረት የሌለው ወይም ሰውን ለማንገላታት ብቻ የቀረበ መሆኑን ካመነ ሊያስቆመው ይችላል። ሆኖም በዚህ ሥልጣን የሚጠቀመው በቁጠባ ነው። «ምስክሩ ይዋሻል» የሚለው ክርክር ቦታው ክሱን የሚሰማው ችሎት ነው።

ክሱ ባይሰረዝም ተስፋ አይቆረጥም። የማስረዳት ሸክም የከሳሹ ነው። ጓደኞችን ነፃ ያወጣው የምስክር ቃልም ለመከላከያ ሊያገለግል ይችላል። ቋንቋውን የማያውቅ ሰው ያለ ክፍያ አስተርጓሚ የማግኘት መብት አለው። ስለዚህ ያልገባንን ነገር «የስ» ብለን አንለፍ።

የመወያያ ጥያቄዎች

1. ከላይ በተራ ቁጥር 2 ባሉት ሁለት ምሳሌዎች መካከል ያለው ልዩነት ምንድን ነው?
2. ጎረቤታችሁ «ጓደኞቼ ተለቀቁ፣ እኔም ነፃ ነኝ» ቢላችሁ በመጀመሪያ የትኛውን ወረቀት እንዲያወጣ ትመክሩታላችሁ?