የሥጋ ሳምቡሳ ለከሰዓት በኋላ ሻይ

ግማሽ ኪሎ ሥጋ ስንት ሰው ያበላል? ወጥ ቢሠሩት አራት ወይም አምስት ሰው ነው። ሳምቡሳ ቢያደርጉት ግን ለአሥር ሰው ከሻይ ጋር ሁለት ሁለት ይደርሳል። ታዲያ ሥጋ ውድ በሆነበት ቤት ይህን ማወቅ አይጠቅምም ትላላችሁ?

ሳምቡሳ ከየት መጣ?

ሳምቡሳ የብዙ አገር ሕዝብ እጅ ያለበት ምግብ ነው። ስሙ የመጣው ከፋርስ ቋንቋ ነው። ኢብን ባቱታ የተባለው የሞሮኮ ተጓዥ በ14ኛው መቶ ዓመት በሕንድ አገር፣ በዴልሂ ቤተ መንግሥት፣ የተከተፈ ሥጋ በስስ ቂጣ ተጠቅልሎ በቅቤ ተጠብሶ ይቀርብ እንደነበር ጽፏል። በእኛ አገር በጾም ጊዜ በምስር ይሠራል። በሐረርና በድሬዳዋ ደግሞ በረመዳን ማፍጠሪያ ላይ የሥጋው ይወደዳል። የምንጨምርበት ኮረሪማ የአገራችን ተክል ነው። የቃሪያ ዘር ግን ከአሜሪካ አህጉር የመጣ ነው። እንግዲህ በአንዲት ሳምቡሳ ውስጥ ሦስት አህጉር ተገናኘ ማለት ነው።

ለ20 ሳምቡሳ የሚያስፈልግ

ግማሽ ኪሎ የተፈጨ የበሬ ሥጋ፣ ግማሽ ኪሎ የፉርኖ ዱቄት፣ 3 ራስ ቀይ ሽንኩርት፣ 4 ፍንካች ነጭ ሽንኩርት፣ 3 ቃሪያ፣ ግማሽ የሻይ ማንኪያ የተፈጨ ኮረሪማ፣ ጨውና መጥበሻ ዘይት።

አሠራሩ

1ኛ/ እጅ በሳሙና ይታጠባል። ዱቄቱ በጥቂት ጨው፣ በሁለት ማንኪያ ዘይትና በሩብ ሊትር ያህል ውኃ ጠንከር ተደርጎ ይታሻል። ተሸፍኖ ግማሽ ሰዓት ይቆያል።

2ኛ/ ሥጋው ያለ ዘይት ድስት ውስጥ ይታመሳል። ቀይ መልኩ ፈጽሞ ሲጠፋና ውኃው ሲመጥ ሽንኩርቱ፣ ጨውና ጥቂት ዘይት ይገባል። ሲበስል ቃሪያውና ኮረሪማው ተጨምሮ ይወጣል። ይቀዝቅዝ። ርጥብ ከሆነ ሊጡን ይቀደዋል፣ ዘይቱም ይፈናጠራል።

3ኛ/ ሊጡ 10 ቦታ ይድቦለቦላል። እያንዳንዱ በስሱ ተዳምጦ በጋለ ምጣድ ላይ ሳይቀላ ገልበጥ ገልበጥ ይደረጋል፤ ከዚያ ለሁለት ይቆረጣል።

4ኛ/ ግማሹ ቂጣ፣ ቆሎ ሻጭ ወረቀት እንደምትጠቀልለው ይጠቀለላል። አንድ ማንኪያ ሥጋ ይገባበታል። አፉ በውኃ በተበጠበጠ ዱቄት ይለጠፋል። ብዙ ያጨቀ ይፈነዳበታል።

5ኛ/ ቁራጭ ሊጥ ዘይቱ ላይ ይጣል። እየተንጨረጨረ ከተንሳፈፈ ዘይቱ ደርሷል። ከጨሰ ግን እሳቱ በዝቷል። አራት አራት እየተደረገ፣ እየተገላበጠ ይጠበስ። «የቸኮለች አፍሳ ለቀመች» ይባል የለ?

ለምን በደንብ ይበስላል?

የኮሶ ትል እንቁላል ሜዳ ላይ ከተጣለ የሰው ዓይነ ምድር ወደ ሣር፣ ከሣሩ ወደ ከብት ይገባል። በከብቱ ሥጋ ውስጥ እንደ ደቃቅ ከረጢት ሆኖ ይቀመጣል። ሥጋውን ጥሬውን የበላ ሰው ሆድ ውስጥ አድጎ ከ4 ሜትር በላይ ሊረዝም ይችላል። እሳት ግን ይገድለዋል። ሥጋ ሲፈጭ ደግሞ ላዩ ላይ የነበረው ተሕዋስ ወደ ውስጥ ይገባል። ስለዚህ ሳምቡሳው ውጪው ቢቀላም፣ የውስጡ ሥጋ አስቀድሞ ካልበሰለ አይታመንም።

ሌላም አደጋ አለ። ዘይት እሳት ከያዘ ውኃ አይደፋበትም፤ ውኃው ወዲያው ተንኖ የሚነደውን ዘይት ፊት ላይ ይረጨዋል። ድስቱን ሳያንቀሳቅሱ በክዳን መክደን፣ እሳቱንም ማጥፋት ነው። ልጆችም ከምድጃው ይራቁ።

አሁን ቀረፋና ቅርንፉድ የገባበት ሻይ ይፍላ። ጎረቤትም ይጠራ።

ጥያቄዎች

1. ሥጋው ከመጠቅለሉ በፊት የሚቀዘቅዘው ለምንድን ነው?
2. የኮሶ ትል ከሰው ወደ ከብት እንዴት ይተላለፋል? በምን ይከለከላል?
3. ለ15 ሰው ሁለት ሁለት ሳምቡሳ ለማድረስ ስንት ግራም ሥጋ ያስፈልጋል?