አንድ ጥያቄ በሦስት ፊልሞች፦ የራዱ ሚሃይሊያኑ ሥራ

ፈረንሳዊው የፊልም ሠሪ ራዱ ሚሃይሊያኑ በማኅበረሰባችን የሚታወቀው «ሂድ፣ ኑር፣ ሁን» በተባለው ፊልሙ ነው። ይህን ፊልም በደንብ ለመረዳት ሌሎች ሥራዎቹንም ማወቅ ይጠቅማል።

ሚሃይሊያኑ በ1958 እ.ኤ.አ. ሩማንያ ውስጥ፣ በቡካሬስት ከተማ ከአይሁድ ቤተሰብ ተወለደ። ጋዜጠኛው አባቱ የመጀመሪያ ስማቸው መርዶክዮስ ቡክማን ነበር፤ በናዚዎች ዘመን ነፍሳቸውን ለማትረፍ ሲሉ ዮን ሚሃይሊያኑ ተባሉ። ልጃቸውም እስከ ዛሬ የሚጠራው በዚሁ ስም ነው። በ1980 ከቻውሼስኩ አገዛዝ ሸሽቶ ወደ እስራኤል መጣ፤ ቀጥሎም ፓሪስ ገብቶ ሲኒማ ተማረ።

በ1998 የሠራው «የሕይወት ባቡር» አስቂኝ ፊልም ነው። የአንድ መንደር አይሁዶች ባቡር አዘጋጅተው፣ ከፊሎቹ የጀርመን ወታደር መስለው ለማምለጥ ይነሣሉ። በ2009 የወጣው «ኮንሰርቱ» ደግሞ የሙዚቃ ፊልም ነው። ከሥራቸው የተባረሩ የሞስኮ ሙዚቀኞች የቦልሾይ ኦርኬስትራ ነን ብለው ፓሪስ ይሄዳሉ። የፊልሞቹ ዓይነት ቢለያይም ጥያቄው አንድ ነው፤ ሰው ለመኖር ሲል የሌላውን ስም ቢይዝ በመጨረሻ ማን ይሆናል?

በ2005 የወጣው «ሂድ፣ ኑር፣ ሁን» ይህንኑ ጥያቄ ወደ እኛ ታሪክ ያመጣዋል። በ1984 ሱዳን ካምፕ ውስጥ ያለች ክርስቲያን እናት ልጇን ከሞት ለማዳን ልጅዋ ከሞተባት ቤተ እስራኤላዊት ጋር ትሰደዋለች። ልጁ በሙሴ ዘመቻ እስራኤል ገብቶ ሽሎሞ ይባላል። ትልቁን ሽሎሞ የተጫወተው ሲራክ ሳባሃት ራሱ በ1991 በሰሎሞን ዘመቻ የመጣ ነው። ፊልሙ በፈረንሳይ የሴዛር ሽልማት ለምርጥ ድርሰት ተሸልሟል።

እዚህ ላይ አንድ ከባድ ነገር አለ። አይሁዳዊነታችንን የሚጠራጠር ሰው ሽሎሞን አይቶ «አላልኳችሁም?» ሊል ይችላል። ሆኖም በዚያው ዘመን አይሁዳዊነታቸው እውነት የሆነ ወላጆቻችንም ከራቢዎች ዘንድ ጥምቀተ ውሃ ተጠይቀዋል። ስለዚህ እውነተኛውም እንደ ሽሎሞ ማስረጃ ይጠየቅ ነበር። በእኔ አስተያየት የፊልሙ ጥንካሬ ጥርጣሬውን ከተጠርጣሪው ወደ ጠያቂው ማዞሩ ነው።

ጉድለትም አለው። ታሪኩ የሚነሣው ከሱዳን ካምፕ ነው፤ ከጎንደርና ከትግራይ በእግር የተጓዙት፣ በመንገድና በካምፕ ያለቁትም ወደ 4,000 የሚገመቱ ወገኖቻችን የታሪኩ ማዕከል አይደሉም። ያንን ክፍል ሐዴራ ውስጥ አጠገባችን የሚኖሩ አባቶችና እናቶች ያውቁታል።

ለውይይት፦
1. ሽሎሞ ቤተ እስራኤል ቢሆን ኖሮ ፊልሙ ምን ያተርፋል? ምንስ ያጣል?
2. ቤተሰባችሁ ውስጥ እስራኤል ሲገባ ስሙ የተለወጠ ማን ነው? የቀድሞ ስሙ ትርጉም ምን ነበር?
3. ፊልሙን ከወላጆቻችሁ ጋር ተመልከቱ። «እንዲህ አልነበረም» ያሉት የትኛውን ቦታ ነው?