ማሩ ሰበብ ነው፣ ፈውሱ ከአላህ ነው
ስለ ሳልና በቤት ስለሚዘጋጅ መድኃኒት የተሰጠ ትምህርት

በአላህ ስም እንጀምራለን። ጅላል የሚባለው ደረቅ ወቅት ሲገባ ጅግጅጋ ውስጥ ሳል የማይሰማበት ቤት ማግኘት ይከብዳል። ቀን ነፋሱ የሜዳውን አቧራ ያነሳል፣ ማታ ብርዱ ይጠናል። በርና መስኮት ተዘግቶ ከሰል ይቀጣጠላል፣ ዑንሲ የሚባለው ዕጣን ይጨሳል። ቶጎ ውጫሌም ሆነ አውበሬ፣ ቀብሪበያህም ሆነ ጅግጅጋ፣ ልጅ መሳል ሲጀምር እናት በመጀመሪያ የምታየው ወደ ማድቤት ነው፤ ዝንጅብል፣ ሎሚ፣ ማር፣ ነጭ ሽንኩርት፣ ጥቁር አዝሙድ።

በዚህ ጊዜ ሁለት ዓይነት ንግግር ይሰማል። አንዱ «ማርና ጥቁር አዝሙድ እያለ ሐኪም ቤት መሄድ የኢማን ድክመት ነው» ይላል። ሌላው ደግሞ «ማር የድሮ ሰው ነገር ነው» ብሎ ከሱቅ ካፕሱል ገዝቶ ያለ ትእዛዝ ይውጣል። ሁለቱም የሚስቱት በአንድ ቦታ ነው፤ ሰበብ፣ ማለትም አላህ ፈውስን የሚሰጥበት መንገድ፣ ምን እንደሆነና ልኩ የት ድረስ እንደሆነ አልለዩም። ስለዚህ መሠረቱን አንድ በአንድ እንይ፤ አሠራሩም ከመሠረቱ ይከተላል።

አንደኛ፦ መታከም ተወኩልን (በአላህ መመካትን) አያፈርስም

ኡሳማ ኢብን ሸሪክ ባስተላለፉትና አቡ ዳውድና ቲርሚዚይ በዘገቡት ሐዲስ፣ የገጠር ዐረቦች ወደ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) መጥተው እንታከም ወይ ብለው ጠየቁ። እንዲታከሙ አዘዟቸው፤ አላህ ከእርጅና በቀር መድኃኒት ያላደረገለት በሽታ እንደሌለም ነገሯቸው። ጥያቄውን ያቀረቡት ከብትና ግመል አርቢዎች መሆናቸውን ልብ በሉ። ትምህርቱ ከተማ ላለውም ግመል ለሚጠብቀውም እኩል ነው።

ከዚህም የሚበልጥ ማብራሪያ በኸሊፋው ዑመር ታሪክ አለ። ዑመር ወደ ሻም ሲጓዙ ሰርግ ከተባለ ቦታ ሲደርሱ ከፊታቸው ወረርሽኝ መግባቱን ሰሙ። ሶሓቦችን አማክረው ለመመለስ ወሰኑ። አቡ ዑበይዳ ይህ ከአላህ ውሳኔ መሸሽ አይደለም ወይ ብለው ጠየቁ። ዑመርም ከአንዱ የአላህ ቀደር ወደ ሌላው የአላህ ቀደር መሄዳቸው እንደሆነ መለሱ፤ ግመሉን ደረቁን ትቶ በለመለመው ሸለቆ የሚያሰማራ እረኛንም ምሳሌ አደረጉ። ደረቁም ለምለሙም በአላህ ውሳኔ ውስጥ ነው። በሽታውም መድኃኒቱም እንደዚሁ ነው። ዝንጅብል ያፈላችው እናትም፣ ልጇን አዝላ ጤና ጣቢያ የሄደችውም ከቀደር አልወጡም።

ሁለተኛ፦ እያንዳንዱ ሰበብ ልክ አለው

በሱረቱ-ን-ነሕል አንቀጽ 68 እና 69 ከንቦች ሆድ ስለሚወጣው መጠጥ ተነግሯል፤ ቀለሙ ልዩ ልዩ እንደሆነና ለሰዎች ፈውስ እንዳለበት። ብዙ የተፍሲር ሊቃውንት ይህን ሲያብራሩ በማር ውስጥ ፈውስ አለ ማለት ማር ብቻውን ሁሉን በሽታ በሁሉም ሰው ላይ ያድናል ማለት እንዳልሆነ ገልጸዋል። ቡኻሪና ሙስሊም በዘገቡት ሐዲስ ወንድሙን ሆዱን ያመመው ሰው ማር እንዲያጠጣው ታዘዘ፤ ለውጥ አላየሁም ብሎ ሲመለስ ደግሞ ደጋግሞ እንዲያጠጣው ተነገረው፤ በመጨረሻም ዳነ። ኢብኑል ቀይም በዛዱል መዓድ ከዚህ ያወጡት ቁም ነገር መድኃኒት መጠንና ድግግሞሽ ይፈልጋል የሚል ነው። ጥቁር አዝሙድ ከሞት በቀር ለሁሉም በሽታ ፈውስ እንደሆነ የሚናገረውን ሐዲስም ኸጣቢይን የመሰሉ ሊቃውንት ቃሉ ጠቅላላ ሆኖ ዓላማው የተወሰነ ነው ብለው ተርጉመውታል።

የዛሬ ሐኪሞችም ማርን አልናቁትም። በብሪታንያ የሕክምና መመሪያ የሚያወጣው ናይስ የተባለው ተቋም በ2019 እ.ኤ.አ. ባወጣው መመሪያ ለተራ ሳል አንቲባዮቲክ ከመፈለግ በፊት ማርን መሞከር እንደሚቻል ጽፏል። ማሩ የተቆጣውን ጉሮሮ ይለብሳል፣ ምራቅ እንዲመነጭ ያደርጋል፣ የሚኮረኩረውን ስሜት ያበርዳል። የጉንፋን ሳል የሚመጣው በቫይረስ ስለሆነ አንቲባዮቲክ አይነካውም፤ ሰውነት ራሱ እስኪያሸንፈው ድረስ ማሩ ሌሊቱን ያቀላል። የማሩ ልክ ይህ ነው።

ሦስተኛ፦ አሠራሩ

ለአንድ አዋቂ የአውራ ጣት የሚያህል ዝንጅብል አጥቦ ልጦ መቀጥቀጥ። በሁለት ኩባያ ውሃ ጨምሮ፣ ክዳኑን ገጥሞ፣ በለስላሳ እሳት 10 ደቂቃ ማፍላት። የሚወድ ሰው ከዝንጅብሉ ጋር ጥቂት ቀረፋ ወይም ሄል ይጨምራል፤ በሻህ (በቅመም ሻይ) ያደገ ምላስ ይህን ይወዳል። ከዚያ በወንፊት አጥልሎ ማስቀመጥና ለብ እስኪል መጠበቅ። የግማሽ ሎሚ ጭማቂና አንድ የሾርባ ማንኪያ ማር የሚገባው ያን ጊዜ ነው፤ በሚፈላ ውሃ ላይ ከተጨመረ ግን የማሩ ሽታና ጣዕም ይጠፋል። በቀን ሁለት ሦስት ጊዜ፣ በተለይ ከመኝታ በፊት፣ ቀስ ብሎ ፉት ማለት ነው። የተረፈውን ከድኖ ማቆየት፣ በማግስቱም አዲስ ማፍላት።

ዕድሜው ከአንድ ዓመት ላለፈ ልጅ ይህ ሁሉ አያስፈልገውም። በመኝታ ሰዓት አንድ የሻይ ማንኪያ ንጹህ ማር ይበቃዋል፤ ከዚያ ጥርሱን ማጠብ። ጥቁር አዝሙድ ለአዋቂ በትንሹ ተቆልቶ ተፈጭቶ ግማሽ የሻይ ማንኪያ በማር ይለወሳል። ነፍሰ ጡር ሴት በምግብ ውስጥ ከሚገባው መጠን አታሳልፍ። ስኳር ሕመም ያለበት ሰው ማርም ስኳር መሆኑን አይርሳ፤ ዝንጅብሉንና ሎሚውን ያለ ማር ይጠጣ። ደም ለማቅጠን መድኃኒት የሚወስድ ሰው ዝንጅብልና ነጭ ሽንኩርት ከማብዛቱ በፊት ሐኪሙን ይጠይቅ።

ጉሮሮ ለሚከረክረው ሰው ደግሞ ግማሽ የሻይ ማንኪያ ጨው በአንድ ብርጭቆ ለብ ያለ ውሃ አሟሙቶ መጉመጥመጥና መትፋት ጥሩ ነው። በእንፋሎት መታጠን ግን ለሕፃን አይደረግ፤ የፈላ ውሃ ተደፍቶ የሚያደርሰው ቃጠሎ ከሳሉ ይብሳል።

አራተኛ፦ በመድኃኒት ስም የማይደረግ

አንድ ዓመት ላልሞላው ሕፃን ማር አይሰጥም፤ በጣት ተነክሮም ቢሆን። በማር ውስጥ ሊኖር የሚችል ቦቱሊዝም የሚባል በሽታ አምጪ ዘር አለ። የአዋቂ አንጀት ይቋቋመዋል፤ በሕፃኑ አንጀት ውስጥ ግን አድጎ ሰውነቱን የሚያዝል፣ ትንፋሹንም የሚያቆም መርዝ ያወጣል። ከስድስት ወር በታች ያለ ሕፃን መድኃኒቱ የእናቱ ጡት ነው።

ነጭ ሽንኩርት በአረቄ ዘፍዝፎ መጠጣት ለብርድ ይበጃል የሚል ወሬ አለ። ጣሪቅ ኢብን ሱወይድ ስለ መጠጥ መድኃኒትነት ጠይቀው የተሰጣቸውን መልስ ሙስሊም ዘግበውታል፤ መድኃኒት ሳይሆን በሽታ እንደሆነ ነው የተነገራቸው።

እንጥል ማስቆረጥና የልጅን ደረት በእሳት መተኮስም አለ። ቡኻሪ በኢብን ዐባስ በኩል በዘገቡት ሐዲስ ማር፣ ዋግምትና መተኮስ ተጠቅሰው ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ኡመታቸውን ከመተኮስ ከልክለዋል። ብዙ ሊቃውንት ይህን ከሌሎች ሐዲሶች ጋር ሲያስማሙ ሌላ መንገድ ካልጠፋና በሚያውቅ እጅ ካልሆነ የሚጠላ ነው ብለዋል። ማር በእጃችን እያለ እሳት ማንሳት ምን አመጣው? ሳል ከእንጥል አይመጣም። እንጥሉ የተቆረጠ ልጅ ደም ይፈሰዋል፣ ቁስሉ ያመረቅዛል፣ ሳሉም አብሮት ይቆያል። አቡ ዳውድ በዘገቡት ሌላ ሐዲስ ሕክምና ሳያውቅ ያከመ ሰው ለጉዳቱ ተጠያቂ ነው። ምላጭ ያነሳም ብረት ያጋለም ይህን ይስማ።

ዑንሲና የከሰል ጭስም የሚያስለውን ሰው ያስጨንቃሉ። እንግዳ ቢመጣም ሕመምተኛ ካለበት ክፍል ዳብቃዱን (የዕጣን ማጨሻውን) አውጡ፣ መስኮቱን በትንሹ ክፈቱ።

አምስተኛ፦ የማሩ ድንበር

ልጅ ሲስል አዘውትረን የምንሰማው ድምፁን ነው፤ መታየት ያለበት ግን ደረቱ ነው። ልጁ ሳያለቅስና ሳይጠባ፣ ተረጋግቶ ሳለ ልብሱን ግለጡና የስልካችሁን ሰዓት ይዛችሁ አንድ ሙሉ ደቂቃ ትንፋሹን ቁጠሩ። ሁለት ወር ያልሞላው 60 እና ከዚያ በላይ፣ ከሁለት ወር እስከ አንድ ዓመት 50 እና ከዚያ በላይ፣ ከአንድ እስከ አምስት ዓመት 40 እና ከዚያ በላይ ከተነፈሰ ፈጥኗል፤ የሳምባ ምች ሊሆን ይችላል። የደረቱ ታችኛው ክፍል ወደ ውስጥ ከገባ፣ መጥባት ካቃተው፣ ካንቀጠቀጠው ወይም ከደነዘዘ ሌሊትም ቢሆን ተነሱ። በዚያ ሰዓት ማር ማጠጣት ጊዜ ማባከን ነው።

በአዋቂ ላይ ሁለት ሳምንት ያለፈው ሳል የቲቢ ምርመራ ይፈልጋል። ደም ያለው አክታ፣ የሌሊት ላብና መክሳት ካለ ሁለት ሳምንትም አይጠበቅ። ምርመራው በጤና ጣቢያ ይጀመራል፤ ጅግጅጋ የካራማራ ሆስፒታልና የሼክ ሐሰን ያበሬ ሪፈራል ሆስፒታል አሉ። የቲቢ መድኃኒት በመንግሥት ጤና ተቋም በነፃ ይሰጣል፤ የተለመደው ሕክምና ስድስት ወር ነው። የግመል ወተትና ማር ታማሚውን ያበረታሉ እንጂ ጀርሙን አይገድሉትም። ወተቱም ይፈላ፤ ጥሬው ብሩሴሎሲስን የመሰለ ሌላ በሽታ ይዞ ይመጣል።

ጥያቄና መልስ

*ጾመኛ ሆኜ ሳል ቢጠናብኝስ?* በቀን የሚዋጥ ማርም ሆነ ሽሮፕ ጾም ያፈርሳል። ከቻልክ በኢፍጣርና በሱሑር ውሰደው። ጾሙ ሕመሙን የሚያብስብህ ከሆነ አላህ በሱረቱል በቀራ አንቀጽ 184 እና 185 ለታመመ ሰው ፈቅዷል፤ አፍጥርና በኋላ ቀዷ አውጣ።

*ነጭ ሽንኩርት በልቼ መስጂድ ልሂድ?* ጥሬ ነጭ ሽንኩርት የበላ ሰው ወደ መስጂድ እንዳይቀርብ የሚከለክል ሐዲስ አለ፤ ዑመርም መብላት የፈለገ አብስሎ ሽታውን ያጥፋው ብለዋል። ስለዚህ ከዝንጅብሉ ጋር አፍላው፣ ወይም ከዒሻ በኋላ አድርገው። በሽንኩርት ሽታ ጀማዓው እንዳይቸገር ከታሰበ፣ የሚተላለፍ ሳል የያዘው ሰውማ ቤቱ ቢሰግድ ይበልጥ የተገባ ነው። ስታስል ደግሞ አፍህን በክንድህ ወይም በሽርጥህ ሸፍን፤ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ሲያስነጥሱ ፊታቸውን በእጃቸው ወይም በልብሳቸው ይሸፍኑ ነበር።

*ማሩ ንጹህ መሆኑን በምን ልወቅ?* በክብሪት መለኮስና በውሃ ላይ ማንጠብጠብ የታመኑ መለኪያዎች አይደሉም። ከምታውቀውና ከምታምነው ሰው ግዛ። ስኳር አፍልቶ ማር ብሎ ለሚሸጠው ሰውም አንድ ነገር እናስታውሰው፤ ነቢዩ (ሰ.ዐ.ወ) ገበያ ውስጥ እጃቸውን እህል ክምር ውስጥ ከተው ከታች እርጥብ ሆኖ ሲያገኙት ያታለለ ከእኛ እንዳልሆነ ተናግረዋል። ለታመመ ልጅ የሚገዛ ማር ላይ ማታለል ደግሞ የባሰ ነው።

ማጠቃለያ

ማንኪያውን ከማንሳታችሁ በፊት ሦስት ነገር ጠይቁ። የሚጠጣው ማን ነው፤ አንድ ዓመት ሞልቶታል? ሳሉ ስንት ቀን ሆነው? ትንፋሹ እንዴት ነው? ሦስቱም መልሶች ደህና ከሆኑ ቢስሚላህ ብላችሁ አጠጡ፣ ዱዓ አድርጉ፣ ለሚመጡት ቀናት ታገሱ። ከሦስቱ አንዱ ካሳሰባችሁ ደግሞ በዚያው ቢስሚላህ ወደ ጤና ጣቢያ ሂዱ። ማሩን የፈጠረው ጌታ ለሐኪሙም ዕውቀቱን ሰጥቶታል፤ ሁለቱንም በየቦታቸው መጠቀም ምስጋና ነው። አላህ የታመሙትን ሁሉ ያሽርልን። አሚን።