ሳይነገር የሚያኳርፍ ነገር

በአንድ ቤት ውስጥ ጠብ ሳይኖር ኩርፊያ ሊኖር ይችላል። ዱላ አይነሣም፤ ስድብም አይሰማም። ግን አባትና ልጅ ከአንድ መሶብ እየበሉ ዓይን ለዓይን አይተያዩም።

እኔ ለማስተማር በሄድኩበት መንደር ያረፍኩት እንዲህ ባለ ቤት ነበር። ትልቁ ልጅ ጎጆ ወጥቷል። ማታ ይመጣና ሁለት ጊዜ ጎርሶ «በቃኝ» ይላል። አባት ዝም። ታናሹም ዝም። እናት ወደ እኔ ዞር ብለው «እርሻው አድክሞት ነው» ይላሉ። እኔም ሞኙ፣ እውነት ይመስለኝ ነበር!

አንድ ቀን ቡና ሲያፈሉ ነገሩን አጫወቱኝ። «የወንዝ ዳሩ ማሳ ነው፣ ልጄ» አሉ። ትልቁ ሲዳር አባት «ያ ማሳ ያንተ ነው» ብለው ነበር። ሦስት ክረምት ያረሰው ግን ታናሹ ነው። ትልቁ ማሳውን ቢጠይቅ የአባቱን ሞት የተመኘ ይመስልበታል። ታናሹ ደግሞ የለፋበትን መልቀቅ አይፈልግም። አባትስ? «ካካፈልኳቸው በኋላ ማን ይጦረኛል?» ብለው ይሠጋሉ። ይህን ሥጋት ልጆቹ አያውቁም። እናትን ደግሞ የጠየቃቸው የለም።

በየካቲት 25 ቀን 1967 ዓ.ም. በታወጀው አዋጅ የገጠር መሬት የሕዝብ ሆነ። ጭሰኝነት ቀረ፤ መሬት መሸጥ መለወጥም ተከለከለ። ነገር ግን ልጅ ሲበዛ ማሳው አልበዛም። መሬት የማይገዛ ከሆነ ልጅ የሚጠብቀው ከወላጁ እጅ ነው።

በ1997 ዓ.ም. የወጣው የገጠር መሬት አዋጅ ደግሞ ባልና ሚስት በጋራ የያዙት መሬት ደብተር በሁለቱም ስም እንዲዘጋጅ አዘዘ። ስለዚህ እናት ያልመከሩበት ክፍፍል አያዛልቅም። ምክሩም በሠርግ ሞቅታ ሳይሆን፣ ወላጆች በሕይወት እያሉ፣ ረጋ ተብሎ ይሁን። የተዳረችም ሴት ልጅ ልጅ ናትና ትጠራ። አባት ሥጋታቸውን አስቀድመው ይናገሩ። ማን ምን እንደሚያርስ፣ ወላጆችን ማን በምን እንደሚጦር ይጻፍ፤ በቀበሌው የመሬት አስተዳደርም ይታወቅ።

ያን ሰሞን እናት የመሬቱን ደብተር ከሣጥን አውጥተው ትልቁን ልጅ «እስቲ አንብበው» አሉት። ፊደል ከቆጠረ ገና ወራቱ ነው። እየተንተባተበ አነበበና «እማዬ፣ አንቺም አለሽበት እንዴ?» አለ። አባት ሳቃቸው መጣ። ከዚያም እየተከዙ «እኔ እኮ የምፈራው ብቻዬን መቅረትን ነው» አሉ።

ስለ ማሳው ያን ማታ አልተስማሙም። እንደገና ለእሑድ ተቀጣጠሩ፤ እኅታቸውም እንድትመጣ ተላከባት።