ለሁለት ዐይነት ስልክ አንድ ጽሑፍ

አንጥረኛ ወርቁን ከማቅለጡ በፊት ወናፉንና መዶሻውን እንደሚያሰናዳ ሁሉ፣ የስልክ መተግበሪያ ለመሥራት የሚነሣ ተማሪም አስቀድሞ መሣሪያውን ማሰናዳት ይገባዋል። ከጓደኞቼ ብዙዎቹ ይህን ትምህርት የሚተዉት ፕሮግራም መጻፍ ከብዷቸው ሳይሆን በመሰናዶው ተሰላችተው መሆኑን ስላየሁ፣ የተማርሁትን ባጭሩ ለመግለጽ አሰብሁ።

በሰው እጅ ያለው ስልክ ባመዛኙ ሁለት ዐይነት ነው፤ ይኸውም አንድሮይድና አይፎን ነው። ለአንድሮይድ በኮትሊን፣ ለአይፎን በስዊፍት ለየብቻ መጻፍ ድካሙ እጥፍ ነው። ይህን ለማቃለል ፌስቡክ እ.ኤ.አ. በ2015 ሪአክት ኔቲቭን፣ ጉግልም በ2018 የፍላተርን የመጀመሪያ ጽኑ እትም አወጡ። እኔ የምገልጸው ፍላተርን በዊንዶውስ ኮምፒዩተር ላይ ስለ ማሰናዳት ነው። የሚጻፍበት ቋንቋ ዳርት ይባላል፤ መሣሪያውም ያለ ክፍያ ይገኛል።

አንደኛ፤ አንድሮይድ ስቱዲዮ የተባለውን ፕሮግራም መጫን ነው። ለዚህ 8 ጊጋባይት ራም ያለው ኮምፒዩተር ይበቃል።

ሁለተኛ፤ የፍላተርን ፋይል አውርዶ መፍታት ነው። የሚቀመጥበት ፎልደር ስሙ ክፍት ቦታ የሌለበት፣ የአስተዳዳሪ ፈቃድም የማይጠይቅ ይሁን። ከዚያም በውስጡ ያለውን «ቢን» የተባለ ፎልደር አድራሻ በኮምፒዩተሩ «ፓዝ» ውስጥ ማስገባት ያሻል፤ ይህ ካልተደረገ ኮምፒዩተሩ ፍላተርን ፈልጎ አያገኘውም።

ሦስተኛ፤ «ፍላተር ዶክተር» የተባለውን ትእዛዝ መስጠት ነው። ይህ እንደ ስሙ ሐኪም ነውና የጎደለውን አንድ በአንድ ይናገራል። የአንድሮይድ ፈቃድ አልተቀበላችሁም ቢል መቀበል ነው። ለዴስክቶፕ ሥራ የሚሆን መሣሪያ ጎደለ ቢል ግን አትደንግጡ፤ ለስልክ ሥራ አያስፈልግም።

አራተኛ፤ መሞከሪያ ስልክ ማዘጋጀት ነው። በኮምፒዩተር ውስጥ የሚከፈተው ምስለ ስልክ ብዙ ራም ይበላል፤ ከስቱዲዮው ጋር 16 ጊጋባይት ይመከራል። ኮምፒዩተሩ አቅም ያነሰው ተማሪ ግን ተስፋ አይቁረጥ፤ የገዛ ስልኩ ይበቃዋል። በስልኩ ማስተካከያ ውስጥ «ቢልድ ነምበር» የሚለውን 7 ጊዜ ቢነካ የሠሪዎች ምርጫ ይከፈትለታል፤ በዚያም «ዩኤስቢ ዲበጊንግ»ን ያብራ። ገመዱም ባትሪ ከመሙላት ሌላ መረጃ የሚያስተላልፍ መሆን አለበት።

የመጀመሪያው ሙከራ ተጨማሪ ፋይሎችን ከኢንተርኔት ስለሚያወርድ ረጅም ጊዜ ይወስዳልና ተበላሸ ብላችሁ አታቋርጡት። ከዚያ በኋላ የጻፋችሁት ለውጥ ወዲያው በስልኩ ላይ ይታያል።

አንድ ነገር ግን ሳልገልጽ አላልፍም። ጽሑፉ ለሁለቱም ስልክ ቢያገለግልም፣ ለአይፎን የሚያዘጋጀው ኤክስኮድ የሚሠራው በአፕል ማክ ኮምፒዩተር ላይ ብቻ ነው። ስለዚህ በአንድሮይድ መጀመር ይሻላል፤ ማክ በተገኘ ጊዜ የተደከመበት ጽሑፍ አይጠፋም።

እንግዲህ ጓደኞቼ ሆይ፤ «ድር ቢያብር አንበሳ ያስር» እንደሚባለው፣ የኢንተርኔት ወጪ እንዳይከብደን አንዱ ያወረደውን ለሌላው በፍላሽ ያካፍል። ወላጆቻችንም ልጃቸው ስልኩን ከኮምፒዩተር ጋር በገመድ አያይዞ ሲያመሽ ቢያዩ፣ ሁልጊዜ ጨዋታ አይምሰላቸው። ሌሎች የሠሩትን ስንጠቀም ብቻ እንዳንኖር፣ የራሳችንን ለመሥራት የሚያበቃን መሣሪያ በእጃችን ነው።